ከሥጋው ጎን

ኅዳር ነው በዶርዶኝ፣ ወንዙ ጉም ለብሷል፣
ጓሮው ከነአጥሩ አመዳይ ቀምሷል።
ሌዎንቲን ከመደቡ ባሮ ነቅላ መጣች፣
ቅጠሉን እየገለጠች በቀዝቃዛ ውሃ አጠበች።
ባሮ ተንኮለኛ ነው፤ ላዩ ነጭ፣ ልቡ አፈር ይደብቃል፣
ሳይገልጥ የቀቀለ ሰው ጥርሱ ሲንቀጫቀጭ ያውቃል።

ለዳክዬው ማን ይጨነቃል? እሱ የእሑድ ጌታ፣
በገዛ ስቡ ወዝቶ ይሰየማል ከገበታ።
ባሮ ግን የጎን ነው፤ ሲኖር አይወራለት፣
የቀረ ዕለት ነው ሥጋው ሆድ የሚከብድበት።

ዛሬ ምራቷ ዜሊ ከሊሞዥ ትመጣለች፣
ሥጋ ትታለችና "ጎኑ ይበቃኛል" ብላለች።
ጎኑ ይበቃኛል!
ሌዎንቲን ሳምንቱን ሙሉ ቃሉን አላመጠችው፣
አንዴ እንደ ስድብ፣ አንዴ እንደ ምርቃት ቆጠረችው።

ባሏ ፌርናን ሠላሳ ስምንት ዓመት ዘይት ጨማቂ ነበረ፣
አፍንጫው ለሦስት መንደር ሚዛን ሆኖ የኖረ፤
የተፈጨው ዋልነት በብረት ጋኑ ሲታመስ፣
ጢስ ብቅ ከማለቱ በፊት፣ ምሬት ሳይደርስ፣
እጁን ብድግ ሲያደርግ እሳቱ ይጎተት ነበር።

አምና በየካቲት ግን ትኩሳት ጣለው፤
ሲነሳ አፍንጫው አብሮት አልተነሳም፤
ሽንኩርት ውሃ ሆነበት፣ አይብ ሳሙና መሰለው።
ሐኪሙ "ይመለሳል" አለ። ዓመት አለፈ፣ አልተመለሰም።
ፌርናን መጀመሪያ ተራገመ፣ ቀጥሎ አጉረመረመ፣
ኋላ ጨርሶ ዝም።
"በልቻለሁ" ይላል ሹካውን አጋድሞ፣
ሳይጠግብ ይነሳል ከሁሉም ሰው ቀድሞ።

ሰናፍጭ አንድ ማንኪያ፣ አቼቶ ሁለት፣ ጨው ቆንጠር፤
ዘይቱ ግን በክር ቅጥነት እየወረደ፣ ሳይጣደፍ፣ ሳይሰበር።
አቼቶና ዘይት ዱሮም ተኳርፈው የኖሩ ናቸው፤
ሰናፍጭ ነው ሽማግሌው፣ መሐል ገብቶ የሚያስታርቃቸው።
ዘይቱ ፌርናን ራሱ የጨመቀው፣ የመጨረሻው ጠርሙስ፣
ሦስት ጣት ብቻ ቀርቶታል ወለሉን እስኪዳስስ።

ቀረ ዋልነቱ።
የመጀመሪያውን እፍኝ አሳረረችው፤ ዶሮዎቹ እንኳ ተጸየፉት።
ሁለተኛውን ፈርታ ቶሎ አወጣችው፤ እርጥብ እንጨት ሆነ ሲያኝኩት።
ዱሮ "ፌርናን፣ ና አሽትልኝ" ነበር የምትለው፤
ዛሬም ከከንፈሯ ደረሰ፤ ነክሳ መለሰችው።
ሦስተኛው እፍኝ የመጨረሻ ነው። መጥበሻው ላይ በተነችው፣
ዓይኗን ተከለችበት።
ዓይን ምን ያውቃል? ዋልነት የሚከዳው ከውስጥ ነው።

"አውጪው!"
ከወዲያኛው ክፍል፣ ከጋዜጣ ጀርባ።
"ምኑን?"
"አውጪው አልኩሽ! አልሰማሽም እንዴ? መጀመሪያ ያንሾካሹካል፣
ከዚያ ይንጣጣል፣ ከዚያ ዝም ይላል።
ዝም ሲል ነው የሚወጣው። ከዝምታው ወዲያ ማረር ነው።"

ሌዎንቲን መጥበሻውን አነሳች። አንዱን ሰብራ ቀመሰች፤
ወርቅማ፣ ደረቅ፣ ጣፋጭ። ዞራ በሩን አየች።
ለካ ዝም ብሎ የከረመው ሰው
ሲያዳምጥ ነበር።

ባሮው ትኩስ እያለ ነው ማጣፈጫው የሚፈስበት፤
ከቀዘቀዘ አይጠጣም፣ ላይ ላዩን ነው የሚሄድበት።
ይህን ለማንም አላስተማረችም፤ እጇ ነው የሚያውቀው።
እንፋሎቱ መነጽሯን ሲጋርደው አፈሰሰችው፣
ዋልነቱን በመዳፏ ሰባብራ ነሰነሰችው።

ዜሊ ሁለቴ አነሳች፣ ሦስተኛ አሰበች፤
ዳክዬው ባይተዋር ሆኖ ከጥግ ቀዘቀዘ።
ፌርናን በሹካው ጫፍ ጥቂት ወሰደ።
አኘከ። ቆመ። ደግሞ አኘከ።
"ምን ይሰማሃል?" አለችው ዜሊ፤
ሌዎንቲን ትንፋሿን ያዘች።
"ጣዕም ከሆነ፣ የለም" አለ። "ቀጭ፣ ቀጭ ይላል።
እሱ ይሰማኛል።"
ጥቂት ቆይቶም፣ ሹካውን ሳያጋድም፣
"እስቲ ዳቦ አቀብሉኝ" አለ፣
"ከሳህኑ ግርጌ መረቁ ቀርቷል።"